የሐሙስ ቀብር

"ሰዓቱን ማን አስነሳው?" አለች ፓራስኪቫ። የሟች እህት ናት፤ ስማራንዳ ትናንት ስታርፍ መስተዋቱን ሸፍና የግድግዳውን ሰዓት እንደ ወጉ ያቆመችው እሷ ነበረች።

"እኔ" አለ ባልየው ታናሴ፣ ከሬሳ ሣጥኑ አጠገብ ሳይነሳ። "በረዶ የሚለካው በሰዓቱ ነው።"

"ሬሳ አስተኝተህ በረዶ ትለካለህ?"

"ሠላሳ አንድ ዓመት ሳትለካ አንድ ቀን አላሳለፈችም። ሞተች ብዬ እኔ ላስታጉልባት?"

ለቀስተኞቹ ከንፍሯቸው ቀና አሉ። ታናሴ የሚስቱን የአየር ሁኔታ መመዝገቢያ ደብተር ገልጦ ለቄሱ ሰጠ። ከማረፏ በፊት የጻፈችው ነበር፦ "ሐሙስ፣ ከቀትር በኋላ፣ የምሥራቅ ነፋስ፣ ብርቱ የበረዶ ውሽንፍር።" ቀብሩ የተቀጠረው ሐሙስ በዘጠኝ ሰዓት ነበር።

"ጠዋት ሦስት ሰዓት ይሁንልኝ፣ አባ። ዘመዶቿ በሜዳው መንገድ ነው የሚመለሱት።"

ውጭው ጠራራ ፀሐይ ነበር። ባለወፍጮው ኮስታኬ በአረቄ ብርጭቆው ሳቁን ሸፈነ። "ነፍሷን ይማርና፣ አንድ ክረምትም እንዲሁ ብላ መንገድ አዘግታ፣ በፀሐይ ካፖርት ለብሰን ቀረን እኮ።"

ታናሴ አልረሳውም። ያኔ የመንደሩ ሰዎች ሊያላግጡባት በረዶ ላይ የሚጎተት አሮጌ ጋሪ አበባ አስረው ደጇ ላይ አቁመውባት ነበር። ስማራንዳ "የሚስቅ ሰው በሕይወት አለ ማለት ነው" ብላ ሾርባዋን ጨረሰች። በቀጣዩ ክረምት የአየር ትንበያው አለቃዋ ከከተማ ደውሎ "ቃሉን ትንሽ አለስልሺው" ሲላት፣ "ነፋሱን አለስልሱት፣ እኔም አለሰልሳለሁ" ብላ ዘጋችበት። ያን ቀን በሜዳው መንገድ በረዶው አርባ መኪና ቀበረ። የመንደሩ አውቶቡስ ግን ከቆመበት አልተነሳም።

"አንዴ ተሳስታለች" አለ ታናሴ። "አንተ ግን ኮስታኬ፣ የዚያን አውቶቡስ ትኬት ቆርጠህ ነበር። በእሷ ቃል ቀርተህ ነው ዛሬ አረቄዬን የምትጠጣው።"

"ሰው በዘጠኝ ሰዓት ተጠርቷል" አለች ፓራስኪቫ። "መሳቂያ ልታደርጋት ነው?"

"ሲስቁባት ከቃሏ አልተመለሰችም፤ እኔም አልመለስም። ሰው ካልመጣ ብቻዬን እቀብራታለሁ።"

ቄሱ አባ ቪሳሪዮን ደብተሩን በሁለት እጃቸው ቀስ ብለው ዘጉት። "በሦስት ሰዓት ደወሉ ይደወላል" አሉ።

ሐሙስ ቀብረው ተመለሱ፤ እንግዶቹም በጊዜ ተሸኙ። ስድስት ሰዓት፣ ፀሐይ። ሰባት ሰዓት፣ አሁንም ፀሐይ። ኮስታኬ አጥሩን ተደግፎ ሰማዩን አየ፣ ታናሴን አየ፤ ታናሴ ዓይኑን አልሰበረም። በስምንት ሰዓት ውሾቹ ከደጅ ገቡ። በዘጠኝ ሰዓት አጥሩም ኮስታኬም አይታዩም ነበር።

አመሻሽ ላይ ፓራስኪቫ ሰዓቱን ቀና ብላ አየች። የእህቷን ፋኖስ ለኮሰችና ለታናሴ አቀበለችው። "መለኪያው ሰዓት ደርሷል፣ ውጣ።"

ቅንድቡ ነጭ ሆኖ ተመለሰ። ከስማራንዳ የመጨረሻ መስመር ሥር "አስራ ዘጠኝ ሴንቲ ሜትር" ብሎ ጻፈ፤ የለካው ሰው ስም በሚጻፍበት ቦታም የሚስቱን ስም።