የችሎቱ በር ላይ ያለው አግዳሚ

አናጺው ይግባኙን ሲከታተል ሁለት ዓመቱ ነው፤ አንድም ቀጠሮ አላለፈውም። ዳኛ ታመሙ ሲሉት፣ መዝገቡ አልተገኘም ሲሉት፣ መብራት የለም ሲሉት እሺ ብሎ ተመልሷል። የሥር ፍርድ ቤት አባቱ ያወረሱትን የእንጨት ሥራ ቤት ለእህቱ ባል አስረክብ ብሎ ፈርዶበታል። ይግባኙ ከተዘጋ ፍርዱን ያቆመለት እግድ ይነሳል፤ መጋዙንና መላጊያውን ተሸክሞ ጎዳና መውጣቱ ነው።

ከዳኛውም ከመዝገቡም በላይ ግን አንጀቱን ያሳረረው በችሎቱ በር ላይ ያለው አግዳሚ ወንበር ነበር። አንድ እግሩ ላልቶ፣ ሰው በተቀመጠበት ቁጥር ሲጢጥ እያለ ይወላወላል። ያን ሁሉ ማኅተም ከሚመታ ሰው መካከል አንድ እግር የሚያጠብቅ ይጥፋ! ዛሬ ለላላው እግር በልኩ የላጋትን የእንጨት ሽብልቅ ኪሱ ከቶ መጣ። መዶሻውን ግን ጥበቃው በር ላይ አስቀረበት።

የእህቱ ባል፣ የይግባኙ መልስ ሰጪ፣ አግዳሚው ላይ ተቀምጦ ጋዜጣ ያነባል።

«እስቲ እግርህን አንሳልኝ» አለው አናጺው፣ ወንበሩ ሥር እየገባ።

«ምን ጠፋብህ?»

«ዝም ብለህ አንሳ!»

አነሳለት። አናጺው ጫማውን አውልቆ ሽብልቋን በጫማው ተረከዝ ይቀጠቅጥ ጀመር። መሀል ላይ የሰው ድምፅ የሰማ መስሎት ነበር፤ ሽብልቋ ግን ገና ግማሽ ላይ ናት። ጨርሶ ላቡን እየጠረገ ብቅ ሲል አግዳሚው ላይ ጋዜጣው ብቻ ቀርቷል። የእህቱ ባል ከችሎት ወጥቶ፣ አንገቱን ደፍቶ ወደ ደረጃው እየሄደ ነው።

«ሦስት ጊዜ ተጠርተው አልቀረቡም፣ አባቴ» አለችው የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ በመስኮቷ። «መዝገቡ ተዘግቷል።»

«ኧረ በሩ ላይ ነበርኩ፣ የኔ ልጅ!»

«በሩ ላይ የት?»

«ወንበሩ ሥር።»

ቀና ብላ አየችው። «በቂ ምክንያት ካለዎት መዝገቡ ይከፈትልኝ ብለው ማመልከት ይችላሉ። ወንበር ሥር ምን ያደርጉ ነበር?»

«የእናንተን ወንበር እጠግን ነበራ!»

«ማን አዘዘዎት?»

ደሙ ፈላ። ሁለት ዓመት ሙሉ ያልጮኸው ሰውዬ ጮኸ። «ነይና በዓይንሽ እዪው!»

ወጣች። ስድስት ዓመት ከመስኮቱ ጀርባ ስትሠራ አግዳሚው ላይ አንድ ቀን ተቀምጣ አታውቅም። በእጇ ገፋችው፤ ተቀመጠችበት፤ ወደ ግራም ወደ ቀኝም ተመቻቸች።

«አባቴ፣ ይሄ ወንበር ምን ሆኖ ነው የተጠገነው? ንቅንቅ አይልም እኮ።»

ተንበርክኮ ሽብልቋን ሊያሳያት ፈለገ። ከእንጨቱ ጋር ገጥማ፣ እሱ ራሱ በጥፍሩ ዳብሶ ነው ያገኛት። በሥራው ሲናደድ የዛሬው የመጀመሪያው ነበር።

«ሲጠግኑ ያየ ምስክር አለ?»

«አለ» አለ፣ ጫማውን እያጠለቀ። «እግሩን ያነሳልኝ ሰው አለ።»

«ይጥሩታ። ማን ነው?»

አናጺው የተተወውን ጋዜጣ አየ።

«መልስ ሰጪው» አላት።