የቀዘቀዘው ናሙና

የብረታ ብረት ባለሙያዋ ቁርጥራጭ ብረት ከሚቀልጥበት እቶን የተላከላትን ናሙና ገና ስትነካው ደሟ ፈላ። ከእቶን የወጣ ብረት ውኃ ውስጥ ቢነከርም ቶሎ አይበርድም፤ ላብራቶሪ ሲደርስ በጓንት ነው የሚያዘው። ይኼኛው ግን እንደ ወንዝ ጠጠር ቀዝቅዟል። ስትመረምረው እንከን የለሽ ሆነ። ድሮስ! ከትናንቱ ጥሩ ብረት የተቆረጠ ነዋ። ሊያታልል ያሰበ ሰው እሳት አጠገብ ቆሞ ማሞቅ እንዴት ያቅተዋል? የዛሬው መዳብ ቢበዛበት ነው የተደበቀው። መዳብ የበዛበት ብረት ደግሞ በማሽን ሲዳመጥ ይሰነጠቃል፤ ፌሮ ሆኖ ሰው ቤት ከገባ መዘዙ ብዙ ነው።

ላኪው የእቶኑ አለቃ፣ የገዛ ታላቅ ወንድሟ ነው። ወላጆቻቸው ከሞቱ በኋላ ያሳደጋትም ያስተማራትም እሱ ነው። ልጆች ሳሉ አሮጌ ሞተር እየለቀሙ፣ የመዳቡን ሽቦ እየፈለቀቁ ሸጠው ነበር የሚበሉት። መዳብ አንዴ ከብረት ጋር ከቀለጠ እንደማይወጣ መጀመሪያ የነገራት እሱ ነው። ያንገበገባትም ይኸው ነው።

ናሙናውን ይዛ ወረደች።

«ወንድምጋሼ፣ ይኼ ከየት የመጣ ነው?»

«ከእቶኑ።»

«ታዲያ ለምን በረዶ ሆነ? አሮጌ ሞተሮቹን መዳባቸውን ሳታስፈታ እቶኑ ውስጥ ከተሃቸዋል፣ አይደል?»

«ባለፋብሪካው አናቴ ላይ ቆሞ ቶሎ በል ይለኛል! ዝም ብለሽ ፈርሚ።»

«አልፈርምም።»

«ያስተማርኩሽ ለዚህ ነው? ያጎረሰሽን እጅ ትነክሻለሽ?»

«ሳታውቅ ብታደርገው ባለፋብሪካው እግር ላይ ወድቄ እለምንልህ ነበር። አንተ ግን እያወቅህ ነው!»

ረጅሙን ማንኪያ ከአንዱ ሠራተኛ እጅ ነጥቃ ከእቶኑ ሌላ ናሙና ራሷ ቀዳች። ስትመረምረው መዳቡ ከልክ አልፏል። ብረቱ ለገበያ እንዳይወጣ አገደችው። ባለፋብሪካው ወንድሟን ከአለቅነት አውርዶ የቁርጥራጭ ግቢው ውስጥ ሞተር ፈቺ አደረገው።

«ከዛሬ ጀምሮ እህት የለኝም። ብሞት እንዳትቀብሪኝ!» አላት በሰው ፊት።

«ወንድም ሆነህ ከተገኘህ አይደል!» አለችው እሷም።

አሁን በየጠዋቱ በአጠገቡ ታልፋለች። መሮውን ይዞ እንዳቀረቀረ ነው፤ ሰላም አይላትም፣ አትለውም። ከእሱ እጅ ግን አንዲት ክር መዳብ አታመልጥም። ናሙናው እንደጋለ ይመጣላታል፤ መዳቡ እንዲህ ዝቅ ብሎ አያውቅም። እሷም ውጤቱን ባየች ቁጥር እንደ አዲስ ትናደዳለች። ይችል ነበራ!