ፈረስ ጣዩ

መርሳ ላይ ጋሪ በነበረበት ዘመን የራሱን ፈረስ ራሱ የሚጥል ጋሪ ነጂ አልነበረም። ፈረስ አርጅቶ ወይም አንክሶ ጋሪ መሳብ ሲያቅተው ከከተማ አርቆ አስፋልት ዳር መልቀቅ የቆየ ልማድ ነው። ደግ ልማድ ነው አልልም። ግን ሥጋው አይበላ፣ ገዢ አይገኝለት፣ ገለባው ደግሞ በየዓመቱ ይወደዳል፤ ታዲያ ምን ይደረግ? ባለቤቱ ቤቱ ይቀመጣል፣ ጓደኛው ፈረሱን ወስዶ ይጥልለታል። የት እንደጣለው አይናገርም፤ ባለቤቱም አይጠይቅም። ዋናው ነገር ግን ሌላ ነው፤ ጣዩ መንገዱን ሙሉ ቃል አይተነፍስም። ፈረስ ድምፅ ነው የሚከተለው። ዝም ብለው ከለቀቁት እዚያው ይቀራል፤ ካናገሩት ግን ተከትሎ ይመጣል።

ለዚህ ሥራ እንደ ጋሪ ነጂው ይርጋ ያለ ሰው አልተገኘም። "እሱ ሆዱ አይባባም" ይሉታል። ልጓሙን ያወልቃል፣ ጀርባውን ይሰጣል፣ ይመለሳል። የጓደኛውን የፈንታውን ጉራቻ ፈረስ የጣለው እሱ ነው። የግርማን መጋላም እንዲሁ። ያን ቀን ግርማ ጋቢውን ተከናንቦ ደጁ ላይ ቁጭ ብሎ ሲጠብቀው፣ ይርጋ ልጓሙን አቀበለውና "ምሳ ቀርቧል?" አለው። ክፋት አልነበረበትም፤ ርቦት ነበር።

የሚሊኒየሙ በዓል ካለፈ በኋላ ባጃጅ መጣ። መጀመሪያ አንዲት ሰማያዊ ከወልድያ ብቅ ስትል ሰው ሁሉ ከየሱቁ ወጥቶ ሳቀባት። ብዙም ሳይቆይ የሚስቅ ጠፋ፤ ሁሉም ተሳፋሪ ሆነ። ዕድሜውን ሙሉ ከመናኸሪያ እስከ ገበያ በእግሩ ሲመላለስ የኖረ ጎልማሳ አንዲት ኩርባ ለማለፍ እጁን ዘርግቶ ባጃጅ ያስቆም ጀመር። ቀጥሎ ጋሪ አስፋልት ላይ አይውጣ ተባለ። ጋሪ የሚሠራው አናጢ ፊቱን ወደ አልጋና ቁም ሳጥን አዞረ። ሣር ተሸክመው ከቆላው፣ ከግራና በኩል የሚመጡት ሴቶች ቀሩ። ፋንድያ ከመንገዱ ጠፋና ከተማችን ጸዳች ተብሎ በስብሰባ ተጨበጨበ። ፋንድያውን እየጫሩ ገብስ የሚለቅሙት ወፎች አብረው ጠፉ፤ በእነሱ ፋንታ ጉሮሮ የሚከረክር ጭስ ገባ። ጭሱን በስብሰባ ያነሳው ሰው የለም።

በጥቃቅንና አነስተኛ ተደራጁ ተባለ፤ የተደራጀ ተደራጀ። ገንዘብ ያለው ባጃጅ ገዛ፣ የሌለው ባለው ሰው ባጃጅ ላይ ሾፌር ሆነ። ጋሪ ነጂ ሲያንስ ሲያንስ የፈረሱ ጌታ ነበር። ባጃጅ ነጂ ግን ሲመሽ የቀኑን ገቢ ለባለንብረቱ አስገብቶ የተረፈውን ይዞ ይገባል፤ አንዳንድ ቀን የሚተርፈው የቤንዚን ሽታ ብቻ ነው።

ይርጋ ጋሪውን የተወው ከሁሉም መጨረሻ ነው። የውስጥ ለውስጡን ኮረኮንች ይዞ ጥቂት ጊዜ ተንገታገተ፤ ኋላ ግን ወልድያ ሄዶ መንጃ ፈቃድ አወጣና የሕንፃ መሣሪያ ነጋዴዋን የወይዘሮ ቡርቱካንን ባጃጅ ተረከበ። ሥራው ከባድ አይደለም። ብቻ መሪው ቀኑን ሙሉ ሲነዝረው ይውልና ማታ እጁ አይሰማውም። በልጓም ጊዜ የፈረሱን ሐሳብ እንኳ በጣቱ ያውቅ ነበር፤ አሁን እንጀራ ሲቆርስ ቁራሹን መያዙን አይቶ ነው የሚያረጋግጠው። ሚስቱ ንግሥት "ምን ሆነህ ነው እንዲህ ዝም የምትለው?" ስትለው "ምንም" ይላታል። እውነቱን ነው፤ ምንም አልሆነም። ደስም አይለው፣ አይከፋውም።

ፈረሱ ቦራ ግቢ ውስጥ ቀረ። ግንባሩ ላይ ነጭ ያለበት ሸጋ ፈረስ ነው። አላረጀም፣ አላነከሰም፤ ጥፋቱ ሥራ ማጣቱ ብቻ ነው። ይርጋ ግራና ገበያ ይዞት ወረደ፤ የቆላው ገበሬ ግመልና አህያ ይዞ ፈረስ ምን ሊያደርግለት! ጥርሱን አይተው፣ ወገቡን መታ መታ አድርገው "ፈረስስ ፈረስ ነበር" እያሉ አለፉ። ወልድያም ጋሪው እየቀረ ስለሆነ ጠያቂ የለም። ንግሥት ለልጆቹ ከሚገዛው ላይ እየቆነጠረች ገለባ መግዛት ሲሰለቻት፣ አንድ ጠዋት ፈረሱን እያየች ባሏን "እንግዲህ አንተው ታውቃለህ" አለችው።

የሚጥልለት ሰው መጠየቅ ነበረበት። ፈንታው ሥራ ፍለጋ ወደ አፋር ወርዷል። ግርማ አለ፤ ወንዙ ዳር ባጃጅ ያጥባል። ግን የሁሉን ፈረስ የጣለ ሰው ሄዶ የኔን ጣልልኝ ይላል? ይርጋ አፈረ። "እኔ መቼም የለመድኩት ነው" ብሎ ራሱ ወሰደው።

በውርጌሳ መንገድ ከከተማ ርቆ ልጓሙን አወለቀ። ጀርባውን ሰጠ። ከዚያ ምን እንደነካው እንጃ፣ ዞረና "በል ቦራ፤ አይዞህ" አለው። የማንንም ፈረስ አናግሮ አያውቅም። ቃሉ ሲወጣ ራሱም ገረመው፤ ቀና ብሎ ዙሪያውን አየ፤ ሰው አልነበረም።

የባጃጅ መቆሚያው የድሮው የጋሪ መቆሚያ ነው፤ መናኸሪያው አጠገብ። ቦራ በማግስቱ እዚያ ተገኘ። ከመጨረሻዋ ባጃጅ ኋላ ሄዶ ቆመ። ፊተኛዋ ጭና ስትወጣና ሰልፉ ሲጠጋ እሱም ተጠጋ። ስትወጣ ይጠጋል፣ ስትወጣ ይጠጋል። አንደኛ ሲደርስ አንገቱን አጎንብሶ ተሳፋሪ ጠበቀ።

መናኸሪያው በሳቅ ተናጋ። "ኧረ ተራው ነው፣ ተሳፈሩለት!" ይላል አንዱ። "ቤንዚን አይፈልግ፣ ትራፊክ አይቀጣው!" ይላል ሌላው። ተራ አስከባሪው ሲራክ ሳይቀር ፊሽካውን ነፍቶ "ቀጣይ!" አለው። ይርጋም ከሰው ጋር ሳቀ፤ ሳቁ ከየት እንደመጣ ግን እሱም አላወቀም። አስወጥቶ ቤቱ አሰረው፤ ቦራ ገመዱን በጥሶ ተመለሰ። ውሎ አድሮ ሳቁ አለቀ። ፈረሱ አንደኛ ቆሞ አልንቀሳቀስ ሲል ከኋላው ያለው ሁሉ ጡሩምባ ይነፋል። አንድ ቀን ደንብሮ የአንዲት አዲስ ባጃጅ መስተዋት ሰበረ።

ሲራክ ይርጋን ወደ ጥግ ወሰደው። "ጋሽ ይርጋ፣ አክብሬህ ነው እስካሁን ዝም ያልኩ። ይኸ ፈረስ ሁለተኛ እዚህ ከታየ የባጃጅ ማኅበሩ ባጃጇን ከተራ ያስወጣታል። ወይዘሮ ቡርቱካን ሰምተዋል፤ ለሌላ ሾፌር እሰጣለሁ ብለዋል።"

"ይሁን" አለ ይርጋ።

ባጃጇ ከሄደች ቤቱ ሌላ ገቢ የለውም። ስለዚህ እፍረቱን ዋጥ አድርጎ ወንዝ ወረደና ግርማን አገኘው። ግርማ ጎማ እያጠበ ነበር።

"ራስህ ጣልከው አሉ" አለው ግርማ፣ ቀና ሳይል።

"ጣልኩት።"

"ተመለሰ።"

"ተመለሰ።"

ግርማ ጨርቁን ጨመቀና አየው። "አናገርከው እንዴ?"

ይርጋ መሬት መሬት አየ።

"አንተ? አንተ ይርጋ!" አለ ግርማ። ሊስቅበት አስቦ ነበር፤ ግን የይርጋን ፊት ሲያይ ሳቁ ቀረ። "አቦ ተወው በል። ነገ ማለዳ እወስደዋለሁ። ቤትህ ቁጭ በል።"

ይርጋ እንደ ደንቡ ቤቱ ቁጭ አለ። ግርማ ከሰዓት በኋላ መጥቶ ልጓሙን አቀበለው። የት እንደሆነ አልተናገረም፤ ይርጋም አልጠየቀም። ቦራ በማግስቱ አልመጣም፤ ከዚያም በኋላ አልመጣም። ሲራክ "ተባረክ ጋሽ ይርጋ" አለው። ሕይወት ቀጠለ። መሪው ይነዝራል፣ እጁ ይደነዝዛል፣ ማታ ገቢ ይገባል። ሰዎች "አንጀትህ እንዴት ቻለ?" ሲሉት ትከሻውን ይነቀንቃል። ለመቻል እኮ መጀመሪያ ሕመሙ ሊሰማ ይገባል።

ጥምቀት ባለፈ ሰሞን አንዲት ባልቴት ዶሮና ዘንቢል ይዘው ወደ ሲሪንቃ ኮንትራት ያዙት። የልጃቸው ልጅ ክርስትና ይነሳል። ደስ ብሏቸዋል፤ መንገዱን ሙሉ ያወራሉ። ሲሪንቃ ሳይደርሱ አንድ ዳገት አለ። ከዳገቱ ግርጌ፣ አስፋልቱ መሐል፣ ፈረስ ቆሟል። የተጣለ ፈረስ መሐል አስፋልት ይወዳል፤ መኪና ሲያልፍ ነፋሱ ዝንቡን ያባርርለታል። ጎድኑ ይቆጠራል፤ ትከሻው ላይ ቁስል አለ። ግንባሩ ነጭ ነው።

ይርጋ ጡሩምባ ነፋ። ፈረሱ ዓይኑን ሳያነሳ ወደ ዳር ወጣ።

"ወይኔ፣ ሲያሳዝን!" አሉ ባልቴቷ። "ልጄ፣ ይኸ ፈረስ ባለቤት የለውም?"

"የለውም፣ እማማ" አለ ይርጋ።

የፈረሱ ጆሮ ቆመ።

ይርጋ በመስተዋቱ አየው። ቦራ ዞረ፤ መጀመሪያ በእርምጃ፣ ከዚያ በሶምሶማ መጣ። ይርጋ ነዳጅ ሰጠ፤ ግን ዳገት ነው፤ ባጃጅ ደግሞ ዳገት ላይ ታቃስታለች እንጂ አትሮጥም። ቦራ ደረሰባቸው። ደርሶም አላለፈም፤ ጎን ለጎን፣ አንገቱን ዘንበል አድርጎ፣ ልክ ጋሪ እንደሚስብ ሁሉ እኩል ወጣ። ትንፋሹ ይሰማል።

"እንዴ! ያውቅሃል እንዴ?" አሉ ባልቴቷ። "ኧረ እስቲ ቁምለት የኔ ጌታ! ውኃ ይዣለሁ።"

ይርጋ ዓይኑን ከመንገዱ አልነቀለም። ቢቆም ምን ሊሆን እንደሚችል አሰበ። ከቆመ ቦራ እስከ ሲሪንቃ፣ ከሲሪንቃም እስከ መርሳ ይከተለዋል፤ ነገ ጠዋት ከመጨረሻዋ ባጃጅ ኋላ ይቆማል። የዳገቱ አናት ሲደርስ ማርሹን ቀየረ። ቁልቁለቱ ባጃጇን ወሰዳት። ባልቴቷ ዶሮዋን አቅፈው ወደ ኋላ ያያሉ፤ ቆይተው "ደከመው መሰል፣ ቆመ" አሉ።  ሲወርዱ ሒሳቡን እጁ ላይ ሳይሆን ወንበሩ ላይ አስቀምጠውለት ሄዱ።

ወደ መርሳ የሚመልሰው መንገድ አንድ ብቻ ነው። ይርጋ ሲሪንቃ ላይ ሞተሩን አጥፍቶ ብዙ ተቀመጠ። በኋላ መርሳ የሚሄዱ ሁለት ገበሬዎች ማንጎ በጆንያ ይዘው መጡ።

"እንደምን ዋልክ ሾፌር?" አለው አንደኛው።

ይርጋ ራሱን ነቀነቀ።

"ስንት ነው ሒሳቡ?"

በጣቱ አሳየው። ገበሬው ጓደኛውን ጎሰም አደረገውና ድምፁን ዝቅ አድርጎ "አይናገርም መሰለኝ፤ ምስኪን" አለ። ሌላው ከንፈሩን መጠጠ። ይርጋ ሞተሩን አስነሳ።

ቦራ የዳገቱ አናት ላይ፣ የቆመበት ቦታ ላይ ነበር። ፊቱን ወደ ሲሪንቃ አዙሮ የሚመጣውን መኪና ሁሉ ያያል። ይርጋ ጡሩምባ ነፋ። ፈረሱ እንደማንኛውም መኪና ቆጥሮ መንገዱን ለቀቀለት። በቀኝ በኩል፣ እጅ ቢዘረጋ በሚነካ ርቀት፣ ነጩ ግንባር አለፈ። ይርጋ ከልጅነቱ ጀምሮ አልቅሶ የማያውቅ ሰው ነው፤ አሁን ደረቱ ውስጥ የሆነ ነገር ተሰነጠቀና በአፉ ሊወጣ መጣ። ስሙን ሊጠራው ነበር። ሁለት ፊደል ነው። ጥርሱን ነከሰ፣ ትንፋሹን ዋጠ፣ ድምፅ እንዳያወጣ አፉን በክንዱ ደፈነና በአንድ እጁ እየነዳ ቁልቁል ወረደ።