ግራጫው ክምር

ከሃያ ሁለቱ የጨው ሴቶች ቀድማ የምትጨርሰው ሁልጊዜ እሷ ስለሆነች «ጥድፊያ» ብለው ይጠሯታል። እሷም ስሙን እንደ ሹመት ይዛዋለች።

በኩሬው ላይ የረጋው ጨው የሚሰበሰበው በእንጨት መቧጠጫ፣ ላይ ላዩን፣ በስሱ ነው። ትንሽ ከተጫኑት ጭቃው ከታች ይነሣና ጉድ ይፈላል። ይህን የማያውቅ የለም። ያን ቀን ጠዋት ግን አንዷ ልትቀድማት ስትል ጥድፊያን እልህ ያዛትና መቧጠጫውን በሙሉ ጉልበቷ ተጫነችው። የሰበሰበችውን እርጥብ ጨው እንደ ወትሮው ከሁሉም ጋር ቀላቀለችው። መንደሩ በሙሉ የሚያድረው በዚያ በአንዱ ክምር ነው።

ከሰዓት ክምሩ ሲደርቅ ግራጫ ሆኖ አረፈው። የሳምንት ልፋት ገደል ገባ!

«ማናት?» አለች አለቃቸው።

 ዓይን ሁሉ ቀስ በቀስ ወደ እማማ ዞረ፤ የሴቶቹ ታላቅ ናቸው፣ ዓይናቸው ከደከመም ሰነባብቷል። ጥድፊያ፣ ምን እንደነካት እንጃ፣ አብራ ዞራ አየቻቸው።

እማማ መቧጠጫቸውን ተደግፈው ቆዩ። ከዚያ «እኔ እሆናለሁ» አሉ።

«እንግዲህ እማማ፣ ከነገ ጀምሮ ቤትዎ ይረፉ። ድርሻዎን እኛ እናመጣልዎታለን» አለች አለቃዋ፣ ደግ መሆኗ ነው። ዐርባ ዓመት በሁለት ቃል አለቀ።

ጥድፊያ ቤቷ ገብታ እግሯን ሳትታጠብ ተቀመጠች።  ሐፍረቱ ፊቷን ያነደዋል። አላስችል ሲላት ተነሥታ ሄደች፤ እማማን ደጃፋቸው ላይ ቁጭ ብለው አገኘቻቸው።

«እማማ፣ እኔ ነኝ ያበላሸሁት።»

«አውቃለሁ ልጄ።»

«እንዴት አወቁ?»

«ይሄ ክንድ ጭቃው ድረስ የሚደርስ ይመስልሻል? ላይ ላዩንም በስንት መከራ ነው! ያንቺ መቧጠጫ ጭቃውን ሲፍቀው ደግሞ በጆሮዬ ሰምቻለሁ» ብለው ሳቅ አሉ።

«ታዲያ ለምን እርስዎ...»

«ትናገሪያለሽ ብዬ ጠበቅኩሽ። ደግሞ ጠበቅኩሽ። ኋላ አንቺም ከእነሱ ጋር ዞረሽ ስታዪኝ ጊዜ አፈርኩልሽ።»

ጥድፊያ ቀና ብላ ልታያቸው አልቻለችም። «ይነሡ፣ አለቃችን ዘንድ አብረን እንሂድ። እርስዎ ፊት ሁሉንም እነግራታለሁ።»

«ብቻሽን ሂጂ» አሉ እማማ። «እኔ እንደገና እዚያ መሃል ቆሜ እንዲያ ሲያዩኝ አልችልም።»

ብቻዋን ሄደች።