ናስትሮ የተለጠፈባት መብራት

ሽቦ የሚሏት ቅጥነቷና ሥራዋ ስለገጠሙ ነው። በታላቅ ወንድሟ ጋራዥ ውስጥ የመኪና ኤሌክትሪክ የምትሠራው እሷ ብቻ ነበረች። ወንድሟ ሞተርና ጎማ፣ ማርሽና ፍሬን ያያል፤ ሽቦ ያለበት ነገር ሁሉ ወደ እሷ ይመጣል። አሥራ አንድ ዓመት እንዲህ ሠርተዋል። ሙያውን ያስያዛት እሱ ራሱ ነው፤ ፒንሳ አያያዝ ሳይቀር ከእሱ እጅ ነው ያየችው። ስለዚህ ያን ማክሰኞ ያገኘችውን ነገር ሌላ ሰው ሠርቶት ቢሆን ኖሮ ተናድዳ ታልፈው ነበር።

ጠዋት አንዲት አዋላጅ ነርስ ነጭ መኪና እየነዳች መጣች። ወርዳ በሩን ዘጋችና ቁልፉን ለሽቦ ሰጠቻት።

«ይቺ መኪና አስፈርታኛለች» አለች አዋላጇ።

«ምን ሆነች?»

«ትናንት ዝናቡ እየጣለ፣ ከጤና ጣቢያው በታች ያለው ጥምዝ ላይ ኋላዋ ከዳኝ። በዝግታ ነበር የምነዳው፣ እመኚኝ። መሪውን ብመልሰው አትሰማም። ቦዩ አፋፍ ላይ ሄዳ ቆመች። ከኋላ ወንበር ላይ ምጥ የያዛት ሴት ነበረች።»

«ተጎዳች?»

«አልተጎዳችም። ግን ከዚያ በኋላ እኔ ስነዳ ዓይኗን ጨፍና ነው የሄደችው። ሆስፒታል በሰላም አድርሻታለሁ።»

«ዳሽቦርዱ ላይ የበራ መብራት ነበር? ቢጫ ነገር?»

«ምንም አልበራም። እሱ ነው የገረመኝ።»

ሽቦ ገብታ ተቀመጠች። መኪናዋ ውስጥ የቆየ ወተት የመሰለ ሽታ ነበር። አዋላጇ አፍራ «አጥቤያታለሁ፣ አልወጣ ብሎኝ ነው። የአጎቴ ነበረች፤ ከተረከብኳት ሁለት ሳምንቷ ነው» አለች። አያቷ ሲሞቱ ለእናቷ የሚደርስ ድርሻ ነበረ፤ አጎቷ ቤቱን ይዞ በምትኩ መኪናዋን ሰጣቸው። እናቷም ልጄ ገጠር ለገጠር ከምትንከራተት ብላ ተስማማች።

ጎማዎቹ ቀጥ ብለው ቆመው መሪው ግን ወደ ቀኝ ዘመም ብሏል። ሽቦ ይሄን ልብ አለችና ቁልፉን አንድ ደረጃ ከፈተች። ቁልፍ ሲከፈት የዳሽቦርድ መብራቶች በሙሉ አንዴ ቦግ ብለው ነው የሚጠፉት፤ አለን ለማለት። ዘይቱ በራ፣ ባትሪው በራ፣ ፍሬኑ በራ። ከፍጥነት መቁጠሪያው በስተግራ ግን አንድ ቦታ ጨለማ ነበር። ዘግታ ደግማ ከፈተች። እዚያ ቦታ ላይ መኖር የነበረባት፣ ከሥሯ የተጣመመ የጎማ ፈለግ ያላት ትንሽ የመኪና ሥዕል ናት፤ መኪናው ሲንሸራተት ራሱ ፍሬን እየያዘ የሚያቃናው ሲስተም ሲበላሽ የምትበራው።

የመመርመሪያ ማሽኑን ከመሪው ሥር ሰካች። ማሽኑ አልደበቃትም። የመሪው ሴንሰር መሐሉን አያውቅም። ሹፌሩ መኪናዋን ቀጥ አድርጎ እየነዳ ሳለ፣ ሴንሰሩ ወደ ቀኝ ታጥፏል እያለ ያወራል፤ ሲስተሙም ማንን እንደሚያምን ሲቸግረው ሥራውን አቁሟል። ስህተቱ የተመዘገበው ደግሞ ትናንት ወይ ባለፈው ሳምንት አልነበረም። ከዚያ ወዲህ መኪናዋ አራት ሺህ ኪሎ ሜትር ሄዳለች።

«ታዲያ መብራቷ ለምን ዝም አለች?» አለች አዋላጇ።

«እሱን አሁን እናየዋለን» አለች ሽቦ።

ካቻቢቴ ይዛ የዳሽቦርዱን ክዳን መፍታት ጀመረች። የመሪውን ሽፋን ስታነሳው ጭኗ ላይ የሱፍ ፍሬ ገለባ ተራገፈባት። ከገለባው ጋር የታኘከ የጥርስ እንጨት፣ ጆሮ የተጠረገበት ጥጥ፣ የተቆረጠ ጥፍር። ጥፍሩ ወፍራምና ቢጫ ነበር፣ የእግር። አንድ ሰው እዚህ ወንበር ላይ ተቀምጦ፣ ጫማውን አውልቆ፣ እግሩን መሪው ላይ ሰቅሎ ጥፍሩን ቆርጧል። ሽቦ ቱታዋን አራግፋ ጓንት አደረገች። በአሥራ አንድ ዓመት የሞተ አይጥ ሳይቀር ከመኪና ውስጥ አውጥታ ታውቃለች፤ እንደዚህ ግን ቀፏት አያውቅም።

ከዚያ የዳሽቦርዱን መስታወት አነሳች።

መብራቷ ደህና ነበረች። በላይዋ ላይ የአውራ ጣት ጥፍር የምታህል ጥቁር ናስትሮ ተለጥፎባታል። ናስትሮው አራት ማዕዘን ሆኖ በመቀስ ተቆርጧል እንጂ በጥርስ አልተዘነጠለም። አንዱ ጫፍ ደግሞ ወደ ውስጥ ታጥፏል፣ ነገ የሚያነሳው ሰው በጥፍሩ እንዳይፍቀው።

ያንን እጥፋት ታውቀዋለች። ሥራ በጀመረች በመጀመሪያው ሳምንት ወንድሟ አጠገቧ ቁጢጥ ብሎ፣ «ጫፉን እጠፊው። ካንቺ በኋላ የሚፈታውን ሰው አስቢለት» ብሏታል። ከተማው ውስጥ ናስትሮ የሚያጥፍ ሌላ መካኒክ አይታ አታውቅም። ለሚፈታው ሰው አስቦ፣ ለምትነዳዋ ልጅ ግን ሳያስብ። ምራቋ አፏ ውስጥ መረረ።

«አንዴ ጠብቂኝ» አለቻት አዋላጇን።

ወንድሟ ከጎማ ክምሩ ኋላ ባለችው ትንሽ ክፍል እንቁላል በዳቦ እየበላ ነበር። ዘይቱ በጣቶቹ መሐል ይወርዳል፣ እሱም ይልሰዋል። ሌላ ቀን ቢሆን ሳህኑን ስባ አብራው ትጎርስ ነበር። ጓንቷ ላይ የተጣበቀውን ናስትሮ ጠረጴዛው ላይ አኖረችለት።

«ጋሼ፣ ይሄ ያንተ ነው?»

ናስትሮውን አየው። ማኘኩን አላቆመም። «የቷ መኪና?»

«ስንት ቦታ ለጥፈህ ነው የቷ የምትለኝ?»

«ነጯን ነዋ። የሽማግሌው። የቆየ ደንበኛዬ ነው፤ የመንገድ ጠርዝ ድንጋይ መትቶ መጣ፣ የመሪውን ክንድ ቀየርኩለት። ከዚያ ቢጫ መብራት በራችበት። እንዲሁ ሲነዳት ከርሞ መጣና፣ ለሰው ልሰጣት ነው፣ መብራቷ ታስጠላለች፣ አጥፋልኝ አለኝ፤ አጠፋሁለት።»

«አላጠፋህም። ሸፈንክ።»

«ያው ነው።»

«የሃያ ደቂቃ ሥራ ነው ጋሼ። ማሽኑን ሰክቶ መሪውን መሐሉን ማስያዝ ነው።»

«አንቺ እረፍት ላይ ነበርሽ» አለ ወንድሟ፤ ድምፁ ዝቅ አለ። ዳቦውን አስቀምጦ ጣቱን ቱታው ላይ ጠረገ። «ማሽኑን እኔ… ያ ሁሉ ጽሑፍ… ሠራተኞቹ ልጆች ፊት ልቆም ነው? የጋራዡ ባለቤት ማሽን መንካት አያውቅም እንዲሉኝ?»

አሳዘናት ለማለት ይከብዳል። ምናልባት በሌላ ጊዜ ያሳዝናት ነበር። አሁን ግን አገጩ ላይ የቀረችው የእንቁላል ፍርፋሪ ብቻ ነበረች የምትታያት።

«ከኋላ ምጥ የያዛት ሴት ነበረች» አለችው። «ትናንት ቦይ ውስጥ ሊገቡ ነበር።»

ከውጭ የሰው ድምፅ ተሰማ። አጎትየው መጥቷል። የእህቱ ልጅ ከመንገድ ደውላ ጋራዥ እየሄድኩ ነው ብላው ኖሮ፣ የትኛው ጋራዥ እንደሆነ ሲሰማ በታክሲ ከንፎ ነው የደረሰው። ንጹሕ ኮት የለበሰ፣ ጫማው የተወለወለ ሽማግሌ ነው። የአዋላጇን ጉንጭ ሁለቴ ሳመና ትከሻዋን መታ መታ አደረገ።

«የኔ ልጅ፣ አይዞሽ። መኪና ልምድ ይፈልጋል። ዝናብ ላይ መሪ ጠበቅ አርገሽ ያዢ ብዬሽ አልነበር? እኔ ስንት ዓመት ነድቻት አንድ ቀን አስቸግራኝ አታውቅም።»

የሽቦ ወንድም እጁን እየጠረገ ወጣ። ሁለቱ ወንዶች ተያዩ፤ አጎትየው ቅንድቡን ከፍ አደረገለት፣ ወንድሟም መሬት መሬት ማየት ጀመረ። ሽቦ ያንን ቅንድብ አየች። ሁለቱም አስጠሏት፤ የአንዱ ኮትም የሌላው ቱታም።

«መብራቷ አልተቃጠለችም» አለች ለአዋላጇ፣ ሁሉም እንዲሰማ ጮክ ብላ። «ናስትሮ ተለጥፎባት ነው ያላየሻት። ሲስተሙ ወራት ሙሉ አይሠራም ነበር።»

አጎትየው ሳቅ አለ። «እንግዲህ አንድ ጋራዥ ውስጥ፣ አንድ የማይረባ መካኒክ…»

«ይሄ ጋራዥ ውስጥ ነው» አለች ሽቦ። «የለጠፈው ወንድሜ ነው። መብራቷን አጥፋልኝ ያሉት ደግሞ እርስዎ ነዎት።»

ጎሚስታው እንኳ ጎማ መንፋቱን አቆመ። ወንድሟ ፊቱ ጠቆረ። በሰው ፊት አዋርዳው አታውቅም። አዋላጇ ወደ አጎቷ ዞረች።

«አባባ፣ እውነት ነው?»

«አየሽ፣ ሰዎቹ የሚያወሩት…»

«ለምን አልነገሩኝም?»

ሽማግሌው ኮቱን አስተካከለ። ከዚያ፣ ነገሩ ግልጽ እንደሆነና መጠየቁም እንደማያስፈልግ ሁሉ፣ «ብነግርሽ አትወስጃትማ» አለ።

አዋላጇ አላለቀሰችም፣ አልጮኸችም። አጎቷ የሳማትን ጉንጭ በእጇ ጀርባ ጠረገችው። ቀስ ብላ፣ ሁለቴ፣ እሱ እያየ። «እናቴ ማታ ትደውልልዎታለች» ብላው ጀርባዋን ሰጠችው። አጎትየው ቆም ብሎ የሚያስታርቀው ሰው ዙሪያውን ፈለገ። ጎሚስታው ወደ ጎማው ተመለሰ። ታክሲው ቆሞለት ነበርና ሄደ።

«ትሠሪልኛለሽ?» አለች አዋላጇ። «ወይስ ሌላ ቦታ ልውሰዳት?»

«እሠራልሻለሁ። ቆመሽ እያየሽ» አለች ሽቦ።

መጀመሪያ የጎማዎቹ አቅጣጫ መቃናት ነበረበት፣ እሱ የወንድሟ ሥራ ነው። ማንም ሳያዘው መኪናዋ ሥር ገባ። አላይመንቱን ሠርቶ ሲወጣ መሪውም ጎማውም እኩል ቀጥ ብለው ነበር። ሽቦ መኪናዋን ደልዳላው ወለል ላይ አቆመቻት፣ የጎማዎቹን ነፋስ አስተካከለች፣ ናስትሮው የተነሳላትን መብራት መልሳ ገጠመች። ቁልፉን ስትከፍት ቢጫዋ መብራት ቦግ ብላ እንደበራች ቀረች።

«ይቺ ናት» አለቻት አዋላጇን።

ማሽኑን ሰካችና ለሴንሰሩ መሐሉ የቱ እንደሆነ ነገረችው። ማሽኑ አንድ ደቂቃ ያህል አሰበ። ከዚያ መሪውን እስከ መጨረሻው ወደ ግራ፣ ከዚያ እስከ መጨረሻው ወደ ቀኝ አዞረችውና ወደ መሐል መለሰችው። ማሽኑ ተቀብያለሁ አለ። ቁልፉን ዘግታ ስትከፍት ቢጫዋ መብራት ከሌሎቹ ጋር በራች፣ ከሌሎቹም ጋር ጠፋች። ሰዓቷን አየች፤ አሥራ ስምንት ደቂቃ።

ከጋራዡ ኋላ ያለው የጠጠር ሜዳ ትናንት በጣለው ዝናብ ረጥቧል። አዋላጇ ራሷ ነዳች፣ ሽቦ አጠገቧ ተቀመጠች። ሜዳው ላይ ስትጠመዝዝ የመኪናዋ ኋላ ሊከዳ ሲል ፍሬኑ ከሥር በራሱ ያዝ ለቀቅ አደረገ፣ መብራቷ ብልጭ ብልጭ አለች፣ መኪናዋም ወደ መስመሯ ተመለሰች። አዋላጇ አቆመችና ግንባሯን መሪው ላይ አሳረፈች።

«ጥፋቱ የእጄ መስሎኝ ነበር» አለች። «ሌሊቱን ሙሉ እጄ ነው እያልኩ ነው ያደርኩት።»

ሽቦ ቢጫዋ መብራት የጠፋችበትን ቦታ አሳየቻት። «እጅሽ ደህና ነው» አለቻት።

አዋላጇ ከሄደች በኋላ የሽቦ ወንድም ወደ ትንሿ ክፍል ተመልሶ ነበር። የተረፈውን ዳቦ አልነካውም፣ ዝንብ ሰፍሮበታል። ሽቦ በሩ ላይ ቆመች።

«ስንት ናቸው?»

«ምኑ?»

«የሸፈንካቸው።»

ዝንቡን በእጁ አባረረ። «አምስት። ምናልባት ስድስት። የፍሬን መብራት የሸፈንኩባቸውም አሉ።»

አሥራ አንድ ዓመት ከዚህ ሰው ጋር ከአንድ ሳህን በልታለች። ስልኩን ከመስኮቱ አንስታ እፊቱ አስቀመጠችለት።

«ደውል። አሁን። እኔ እሰማለሁ።»

«ደንበኛ ይበተናል።»

«ይበተን።»

ደወለ። የመጀመሪያው ሰው ዳቦ የሚያከፋፍል ሹፌር ነበር። ወንድሟ መብራቷ፣ ያቺ መብራት፣ እያለ ሲንተባተብ ሰውየው አልገባውም፤ ሲገባው በስልክ ውስጥ የሰደበው ስድብ እስከ በሩ ተሰማ። ነገ ጠዋት አመጣታለሁ ብሎ ዘጋ። ሁለተኛዋ አመስግናው ዘጋች፤ ምን እንዳደረገ አልገባትም ነበር፤ ሽቦ መልሶ እንዲደውልላትና በግልጽ እንዲነግራት አደረገችው። ላቡ ከግንባሩ ወደ አንገቱ ይወርድ ነበር። በአራተኛው ላይ አንድ ሰው አነሳ።

«ያቺ መኪና እኮ እኔ ጋ የለችም» አለ ሰውየው። «ከሸጥኳት ሦስት ወር ሆናት።»

«ለማን?» አለ ወንድሟ።

«እኔ እንጃ። በደላላ ነው። ለአንድ ባልና ሚስት፣ ትንንሽ ልጆች ያሏቸው። ስልካቸውን አልያዝኩም።»

ወንድሟ ስልኩን አስቀምጦ ቀና ብሎ አያት፤ ከእሷ የሆነ ቃል የሚጠብቅ ይመስል ነበር። ልጅ ሆና ስታጠፋ፣ እንደዚያ ቀና ብላ ስታየው እሱ አይዞሽ ይላት ነበር። አልሰጠችውም።

«የደላላውን ስልክ ጠይቀው» አለችና ሳሙና ፍለጋ ወጣች። እጇን እስከ ክርኗ ታጠበች፤ ደግማ ታጠበች። ከኋላዋ የወንድሟ ድምፅ እንደገና ሲንተባተብ ይሰማታል።

በማግስቱ ጠዋት፣ የዳቦው መኪና ሲመጣ፣ የእሷም ስህተት ያው የመሪው ሴንሰር ነበርና፣ ወንድሟን ሹፌር ወንበር ላይ አስቀምጣ ማሽኑን እጁ ላይ አኖረችለት። ሠራተኞቹ ሁሉ ቆመው ያያሉ።

«ይሄን ተጫን» አለችው። «ጠብቅ። አሁን መሪውን ወደ ግራ፣ እስከ መጨረሻው።»

ድምፅዋ ውስጥ ፍቅር አልነበረም። ካላስተማረችው ግን ነገ ደግሞ ናስትሮ እንደሚቆርጥ ታውቃለች። እሱም መሪውን ወደ ግራ አዞረ። የደላላው ስልክ እስከዚያች ሰዓት አልተነሳም ነበር።