የየሺወርቅ ትንፋሽና የወፍጮዬ ጣሳ

ከዚህ በታች ከጻፍኩት ውስጥ አንዲት ቃል ሐሰት ከተገኘች የገዛ ወፍጮዬ ድንጋይ እንደ ዳጉሳ ይፍጨኝ፤ ዱቄቴንም ሰው ሳይሆን ዶሮ ይልቀመው። ይህ መሐላ ያነሰው ሰው ሰበታ ድረስ ይምጣ፣ ፊት ለፊት እጨምርለታለሁ።

ወፍጮዬን የማያውቅ የለም። በጅማ መንገድ ከዳር እስከ ዳር እንደ እሷ ያለ ሞተር አልተተከለም። ስትነሣ ግድግዳው ይንቀጠቀጣል፤ የጎረቤት ዶሮዎች ያለ ቀናቸው እንቁላል ይጥላሉ። የጭስ ማውጫዋ፣ ማርሚታዋ፣ አፍ ላይ አንዲት የድልህ ጣሳ አስሬባት ነበር። ጭሱ በጣሳዋ በኩል ሲወጣ «ቱክ፣ ቱክ፣ ፊው» ትላለች። ይህን ባለወፍጮ ሁሉ ያደርገዋል፤ ገበሬው ከሩቅ ይሰማና ዛሬ ወፍጮው ይሠራል ብሎ አህያውን ይጭናል። ልዩነቱ፣ የሌላው ጣሳ ከመንደር አያልፍም፣ የእኔዋ ግን ተፍኪን ተሻግራ ተጂ ትሰማ ነበር። የተጂ ሰው ሰዓቱን የሚሞላው በእሷ ነው ይባላል፤ እኔ አላልኩም። ጣሳዋ ዛሬ የለችም። በሃምሳ ስምንት ዓመተ ምሕረት ነፋስ ወሰዳት። እንዲያ ያለ ነፋስ ከዚያ ወዲህ ነፍሶ አያውቅም።

ባለቤቴ የሺወርቅ ሚዛኑ ላይ ትቆማለች። ያን ጊዜ ድምፅዋ ከሞተሩ በላይ ነበር። «ኦቦ ደቻሳ፣ ኮታ፣ ይምጡ፣ ተራዎ ደርሷል» ስትል ኦቦ ደቻሳ ብቻ ሳይሆኑ ቡራዩ ያሉ ሌሎች ሁለት ደቻሳዎች ብድግ ይሉ ነበር።

አንድ ቀን ከማርሚታው የማይመጣ ሌላ ፉጨት ሰማሁ። የወፍጮው ቀበቶ መስሎኝ ሞተሩን አጠፋሁት። ሞተሩ ጠፋ፣ ፉጨቱ ግን አልጠፋም። ዞር ብዬ ባይ የሺወርቅ ናት፤ ጆንያ ላይ ተደግፋ ትተነፍሳለች።

ከዚያ በኋላ በሦስት ዓመት ውስጥ ነገሩ እየባሰ ሄደ። ኩንታል እንደ ሕፃን የምታቅፍ ሴት ቁና ማንሣት አቃታት። ፉሪ ለቅሶ ልንደርስ ዳገቱን ስንወጣ በየአሥር እርምጃው ድንጋይ እየፈለገች ትቀመጣለች። ሦስት ቃል ተናግራ ታርፋለች። ለእኔ ከሁሉ የከበደኝ ይህ ነበር፤ ስትሰድበኝ እንኳ ስድቡ መሐል መንገድ ላይ ይቆምና የቀረውን እኔው እጨርስላታለሁ።

«ዱቄቱ ነው» አሉ ኦቦ ደቻሳ። «የእኔ አህያ እንኳ ደጅህ ስትቆም ታስነጥሳለች።»

የክሊኒኩ ድሬሰርም የማን ሚስት መሆንዋን ገና ሲሰማ አስም ነው ብሎ ክኒን ሰጣት። እኛም አመንን። የባለወፍጮ ሚስት ከሆነች እግሯን ቢያማት እንኳ ጥፋቱ የዱቄቱ ነው፤ በሰበታ ይህን የሚጠራጠር የለም። ስለዚህ አየር ትለውጥ ተባለና ሱሉልታ እኅቷ ጠጅቱ ዘንድ ተላከች። እዚያ ሣርና ብርድ እንጂ የዱቄት ብናኝ የለም። እሷ ከአዲስ አበባ ወዲያ፣ እኔ ከአዲስ አበባ ወዲህ ሆንን። በሁለት ወር ውስጥ እኔ ከሐዘን የተነሣ እንደ ክር ቀጠንኩ፤ ቀበቶዬ ሁለት ጊዜ ዞረኝ።

ባለሱቁ ዲኖ በየሳምንቱ በፒካፕ መኪናው ሱሉልታ እየሄደ ቅቤ ይገዛል። አንድ ጠዋት ወፍጮ ቤት ገባ፣ አልተቀመጠም።

«ወንዳፍራሽ፣ ትናንት ጠጅቱ ደጅ መኪናዬን አጥፍቼ ቆምኩ። ፉጨቷን ከአጥር ውጭ ሆኜ ሰማሁት።»

«ብሷል?»

«አንተ ከምታወራው በላይ ነው።»

እኔ ከማወራው በላይ የሆነ ነገር በዕድሜዬ ገጥሞኝ አያውቅም።

ወዲያው ከዲኖ ጋር ሱሉልታ በረርን። የሺወርቅ መተኛት አቅቷት አልጋው ላይ ቁጭ ብላለች፤ ከንፈሯ አመድ መስሏል። ከነፍራሹ ከነብርድ ልብሱ በአንድ ክንዴ ተሸክሜ፣ በሌላው ክንዴ አጥሩን ነቅዬ መኪና ውስጥ አስገባኋት። የእንጦጦን ቁልቁለት ስንጀምር ፍሬኑ እምቢ አለ። ዲኖ መሪውን ለቆ ዱዓ ያዘ። እኔ በሩን ከፍቼ እግሬን አወጣሁና አስፋልቱን ረገጥኩት፤ ጫማዬ ጨሰ፣ መኪናው ቆመ። ሞተሩም አብሮ ጠፋ።

በዚያ ጸጥታ ነው እውነቱ የተገለጠልኝ። አዳመጥኳት። ስታስወጣ ይሻላል፤ ስታስገባ ነው ጩኸቱ። እኔ ደግሞ ሞተር አውቃለሁ። ማርሚታ ሲደፈን ሞተር ታፍኖ ጥቁር ጭስ ይተፋል። በዱቄት የሚደፈነው ግን አየር የሚስብበት ፊልትሮ ነው፤ ያን ጊዜ ሞተሩ አየር በሳበ ቁጥር ያፏጫል። የሺም የምታፏጨው ስትስብ ነው። ሳንባዋ ደህና ነው ማለት ነው፤ የጠበበው አየር መሳቢያዋ ነው።

አዲስ አበባ ሐኪም ቤት ያገኘነው ሐኪም ፈረንጅ ነበር፤ ከቁመቱ የተነሣ በየበሩ ጎንበስ እያለ ያልፋል። አትክልት የምትባል ነርስ ታስተረጉማለች።

«ንገሪልኝ» አልኳት። «አስም የያዘው ሰው ሲያስወጣ ነው የሚያፏጨው። ይህች ስታስገባ ነው። የተደፈነው ማርሚታው ሳይሆን ፊልትሮው ነው።»

አትክልት ፊልትሮን እንዴት እንደተረጎመችው አላውቅም፤ ሐኪሙ ግን ማዳመጫውን ከደረቷ ላይ አንሥቶ አንገቷ ላይ አደረገው። ረጅም ጊዜ አዳመጠ። ከዚያ ራጅ አስነሣት፤ በማግስቱም መብራት ያለው ቀጭን ቧንቧ በጉሮሮዋ አስገብቶ አየ። ከማንቁርቷ ዝቅ ብሎ የአየር ቧንቧዋ ዙሪያውን እንደ ቀለበት ጠንክሮ፣ መተላለፊያው የስንዴ አገዳ አክሏል። ስንት ወር በዚያች አገዳ ስትተነፍስ ኖራለች። በሽታው ከስንት አንዴ የሚገኝ ነው፣ ይበልጡን በእሷ ዕድሜ ያሉ ሴቶችን ይይዛል፣ መነሻው አይታወቅም አለ። ዱቄት የሚል ቃል ከአፉ አልወጣም። በዓለም ላይ የያዛቸው ከየሺ ጋር አራት ሰዎች ብቻ ናቸው፤ አንደኛዋ የባሕር ማዶ ንግሥት ናት። ንግሥቲቱን አትክልት አላስተረጎመቻትም፤ እኔ ከሐኪሙ ዓይን ላይ ነው ያነበብኳት።

ሕክምናው እንዲህ ነው። በማደንዘዣ ያስተኟታል፤ ጫፋቸው የተድበለበለ የብረት ዘንጎች አሉ፣ ከቀጭኑ ጀምረው እየወፈሩ ይሄዳሉ። አንዱን አስገብቶ ያወጣል፣ ቀጥሎ ወፈር ያለውን፣ እያለ እያለ ቧንቧውን ቀስ ብሎ ያሰፋዋል። ቢቸኩል ይቀደዳል። መብራቱን የያዝኩለት እኔ ነኝ። አምስተኛው ዘንግ ላይ ሲደርስ ቀና ብሎ አየኝ፤ በጣቴ «አንድ ጨምር» አልኩት፤ ጨመረ።

ስትነቃ ጆሮዬን አፏ አጠገብ አደረግሁ። ምንም አልሰማሁም። ሦስት ዓመት ሙሉ ስሰማው የኖርኩት ነገር የለም። እንደዚያ ያለ ዝምታ ሰምቼ አላውቅም፤ ይህንን አላጋነንኩትም።

ሐኪሙ ግን ተመልሶ ይጠባል ብሎ ነግሮን ነበር፤ እውነቱን ነው። እነሆ ስድስት ዓመት ሆነ፣ በየስምንት በየአሥር ወሩ እንሄዳለን። ቀጠሮውን ከወረቀት ላይ አላይም፤ ከጓሮ ውሃ ይዛ ስትገባ አዳምጣታለሁ። ካለፈው ሳምንት ጀምሮ ቀጭን ነገር ይሰማኛል። ዛሬ ማክሰኞ ነው፤ ሐሙስ እንሄዳለን።

እስከዚህ ጽፌ ለየሺወርቅ አነበብኩላት። ሽምብራ እየለቀመች ነበር። እስከ መጨረሻው አላቋረጠችኝም።

«ወንዳፍራሽ» አለች፣ ከዚያ በሽታ ወዲህ ሻከር ብሎ በቀረው ዝቅ ያለ ድምፅዋ፣ «መኪናው ውስጥ እኮ አልነበርክም።»

«የት ነበርኩ ታዲያ?»

«እዚሁ ሰበታ። ዲኖ ላንተ ሳይነግርህ ነው የወሰደኝ፣ ይደነግጣል ብሎ። ፍሬኑም ደህና ነበር፤ እንዲያውም እንዳያንገላታኝ እያለ እንደ ሙሽራ ነው የነዳው።»

ወረቀቱን አገላበጥኩ። የማርመው ነገር ያለኝ መስዬ ነው።

«ለሐኪሙም የነገርኩት እኔ ነኝ። ያንን ፊልትሮ አሥር ዓመት ሳራግፍ የኖርኩት እኔ አይደለሁ? አንተ መች ነክተኸው ታውቃለህ?» ትንፋሿን ሰበሰበች። «አንተ በሦስተኛው ቀን፣ ዘንጉን በሚያስገቡልኝ ዕለት መጣህ። አትክልት ግቡ ስትልህ እምቢ አልክ። ጫማዬን ጭንህ ላይ አድርገህ አጥሩ ሥር ዋልክ። ሕመምተኛ መስለሃቸው ውሃ አመጡልህ አሉ።»

«እዚያ ጫማ ይጠፋል» አልኳት።

«ይጠፋል» አለች። ከሽምብራው መሐል ጠጠር አውጥታ በመስኮት ወረወረች። «ጣሳዋንም ነፋስ አልወሰዳትም። ከሐኪም ቤት የተመለስኩ ዕለት ፉጨቷን ሰምቼ ደረቴን ስይዝ አየኸኝና ሞተሩ እንደጋለ ወጥተህ ፈታሃት፤ እጅህም ተቃጠለ። በጨርቅ ጠቅልለህ አልጋው ሥር ነው የከተትካት። ቤት ስጠርግ አነሣትና መልሼ አስቀምጣታለሁ። የሐሙስ ጫማዬን ግን አትክልት ትያዘው፤ አንተ ገብተህ እጄን ያዝ።»