ቶይባ ሳታውቅ የሰጠችው አፉታ

«አጎቴ፣ እጄን ይልቀቁኝ» አለች ሀስና። አጎቷ ዓሪፍ ከድንኳኑ ጀርባ ጥብቅ አድርጎ ይዟታል።

«ወንድሜ ከተቀበረ ገና ሁለት ቀኑ ነው። በለቅሶው ላይ ስሙን ልታጎድፊ ነው?»

«ያዘዙኝ አባቴ ራሳቸው ናቸው።»

ለሟች ስም የሚሟገት አጎት ደስ ይላል፤ ዓሪፍ ግን የሚሟገተው ለመሬቱ ነው። ግራና ከተማ አጠገብ ያለው የመስኖ መሬት ባሏ ከሞተባት ከቶይባ ተወስዶ ለእሱ የተፈረደው በሟቹ በሀስና አባት በኡበይደላ ምስክርነት ነበር። ኡበይደላ መርሳ ላይ ዳኛ ፊት ቆሞ፣ «መሬቱ የወንድሜ ነው፤ የቶይባ ባል ምርቱን እየተካፈለ በእኩል ሲያርሰው ነው የኖረው» አለ። ቶይባ ይግባኝ እንኳ አላለችም። ኡበይደላ የሟች ባሏ የልብ ወዳጅ ስለነበር፣ «እሱ ካለማ እውነት ነው» ብላ አርፋ ተቀመጠች።

ኡበይደላ ሲታመም ልጁን አስጠግቶ መዋሸቱን ነገራት። ወንድሙ ሲለምነው እምቢ ማለት አቅቶት ነው። ሀስና ጠበቃ ዮሐንስን ጠየቀች። ምስክሩ መዋሸቱ ከፍርድ በኋላ ከተደረሰበት፣ የፈረደው ፍርድ ቤት ራሱ ፍርዱን እንደገና ሊያየው ይችላል አላት፤ ቶይባ ግን ካወቀች በኋላ ያላት ጊዜ አንድ ወር ነው። አባቷን የጨነቀው ሌላ ነበር። «ጀናዛዬ ሲወጣ አፉ በሉት፣ ይቅር በሉት ይባላል። ቶይባ ደግ ናት፣ ትላለች። ሳታውቅ እንዳትል፣ ልጄ።»

ሀስና ሳትነግራት ሞት ቀደማት። ጀናዛው ከግቢ ሲወጣ፣ «እሱ ላይ ሐቅ ያለው አፉ ይበለው!» ሲባል፣ ከሴቶቹ መሃል ጎልቶ የተሰማው የቶይባ ድምፅ ነበር። «አፉ ብዬዋለሁ! አላህ ይዘንለት!» ይህ ቃል ሀስናን ከሞቱ እኩል አንገበገባት።

አሁን እጇን ከአጎቷ መንጭቃ ሴቶቹ ወዳሉበት ገባች። ቶይባ ምንጣፍ ላይ ተቀምጣ ሙስበሃ ትቆጥራለች። ሀስና ጎኗ ቁጭ ብላ ሁሉንም ነገረቻት። ሙስበሃው ቆመ።

«እኔኮ አፉ ብዬዋለሁ።»

«ሳያውቁ ነው ያሉት፣ እትዬ ቶይባ። ፍርድ ቤቱም ሳያውቅ ነው የፈረደው። እሱ የፈረደውን መልሶ ያያል፤ አንቱም ያሉትን መልሰው ይዩት።»

«አንቺስ ዳኛው ፊት ትቆሚያለሽ?»

«እቆማለሁ።»

ቶይባ ሙስበሃውን ምንጣፉ ላይ አስቀመጠች። «እንግዲያው አፉ ያልኩትን አንስቻለሁ» አለች። «ሌላውን እውነቱ ሲወጣ አየዋለሁ።»

አባቷ የለመናት ይህንኑ ነበር። ሀስና ግን ስትሰማው ዛሬ ገና የሞተ መሰላት፤ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ አለቀሰች።

ውጭ ሸኹ ለሟቹ ዱዓ ጀመሩ። ሴቶቹ ሁሉ መዳፋቸውን ዘረጉ። የቶይባ እጆች ጭኗ ላይ ቀሩ። ሀስና ቀና ብላ ማየት ፈራች።

«አሚን» ተባለ፤ ደግሞ «አሚን»። ያኔ ቶይባ አንድ መዳፏን ቀስ አድርጋ ዘረጋች። በሌላው የሀስናን እጅ ያዘች።